ዋስ የሚሆነኝ የትኛው ነው

መርካቶ፣ ኅዳር ፲፫ ቀን ፳፻፲፯ ዓ.ም.

ለልጅነት ወዳጄ፣

እንደምን ከርመሻል? «እንደምን ሰነበትሽ» ብዬ ጀምሬ ሰረዝኩት፤ ለሳምንት ተለያይተው ለተገናኙ ሰዎች እንጂ ለእኛ አነሰብኝ። ጉልበትሽስ እንዴት ነው? ደረጃ ስትወጪ እንደሚያምሽ ልጅሽ ሳምራዊት ለእጮኛዋ ለማስረሻ ነግራው ማስረሻ ለእኔ ነገረኝ። እንደምታውቂው መርካቶ ውስጥ ወሬ ከባለቤቱ ቀድሞ ይደርሳል። አባትሽስ ደህና ናቸው? እሑድ ዕለት ግቢ ውስጥ ብዙ ስላስቀመጥኳቸው ብርድ እንዳይመታቸው ሰግቼ ነበር። ሳምራዊትንም ሳሚልኝ።

እኔ ደህና ነኝ። ስኳሬ ልኩን ይዟል፣ ጥርሴም ግማሹ የራሴ ነው። ሥራም አላጣሁም። አሁን በአንድ ተከታታይ ድራማ ውስጥ ልጆቹን የሚያጣላ ሀብታም አባት ሆኛለሁ፤ ሰፈር ውስጥ ሰላምታ የሚነፍጉኝ ሰዎች ስለበዙ ሥራዬ ጥሩ ሳይሆን አይቀርም።

ምነው ስልክ አልደወለም ትዪ ይሆናል። ማስረሻ ቁጥርሽን ሊሰጠኝ ፈቃደኛ ነበር፤ አልቀበልም ያልኩት እኔ ነኝ። በስልክ የሚመጣልሽ ድምፄ ነው፤ ድምፄ ደግሞ እሑድ ዕለት ምን ጉድ እንደሠራኝ አንቺም ከመጋረጃው ጀርባ ሆነሽ ሰምተሻል። ጫማሽን በመጋረጃው ሥር አይቼዋለሁ። ወረቀት ላይ ድምፅ ስለሌለኝ በእጄ ብጽፍልሽ ይሻላል አልኩ። ያን ቀን የሰማሽውን በእኔ በኩል እንዴት እንደነበረ ልነግርሽ፣ ያልሰማሽውንም ልጨምርልሽ ነው። ከሁሉ በላይ ግን ላመሰግንሽ ነው፤ ምስጋናው በጣም ዘግይቷል።

የሥራዬን መነሻ ከአንቺ በላይ የሚያውቅ በሕይወት የለም። ቀበሌያችን የኪነት ቡድን ያቋቋመ ጊዜ አንቺ ከዘፋኞቹ መሃል ነበርሽ፣ እኔ ገና ጢም ያላበቀልኩ ልጅ ሆኜ ጨካኝ ባላባት እንድሆን ተመደብኩ። ጢሙን ከአባትሽ ሱቅ ባመጣሽው ጥጥ በእጅሽ ለጥፈሽልኝ፣ «አትሳቅ፣ ይወልቃል» አልሽኝ። እኔ አልሳቅሁም፤ ግን ገበሬዎቹ ሲያንቁኝ ጢሜ እጃቸው ላይ ቀረ። አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። የቀበሌው ሊቀ መንበር ያስቆሙናል ብለን ስንጠብቅ ባላባት ያለ ጢም ይበልጥ ያስጠላል ብለው ቀጥሉ አሉን። ከዚያች ቀን ወዲህ ሥራ ፈትቼ አላውቅም።

ቀጥሎ የሆነውን ታውቂዋለሽ፤ ግን እኔ እንዴት እንደኖርኩት አታውቂውም። ለአንቺ ሽማግሌ አድርጌ የላክሁት ጋሽ ዱባለን ነበር፣ ነፍሳቸውን ይማርና። ሸማ ተራ ጥግ ላይ የስፌት መኪናቸውን ዘርግተው የቡድናችንን ልብስ የሚሰፉ ሰው ነበሩ፣ ለእኔም አባት በሌለኝ ጊዜ አባት የሆኑኝ። ሚስት ፈላጊ ከሽማግሌ ጋር አብሮ አይሄድምና እኔ ሲኒማ ራስ በር ላይ የተለጠፈውን የፊልም ማስታወቂያ እያየሁ ጠበቅኳቸው። ሲመለሱ ገና ከሩቅ መልሱን ከትከሻቸው አወቅሁት። አባትሽ ልጃቸውን ለተዋናይ አይሰጡም፤ ልጁ ይህን ነገር ትቶ ሱቃቸው ከገባ ግን እንደ ልጃቸው ይይዙታል፣ እሷንም ይድሩለታል። መልሱ ይሄ ነበር።

ሱቁን ልገባ ወስኜ ነበር። ጋሽ ዱባለ ክንድ በክንድ ጨርቅ መለካት እንዴት እንደሆነ ያሳዩኝ ጀመር። በማግስቱ ግን በእሳቸው በኩል ቃልሽ ደረሰኝ፦ «እሱ ሱቅ ከገባ እኔ እሱ ቤት አልገባም።» ሌላ ማብራሪያ የለውም። ጋሽ ዱባለም ምን ማለትሽ እንደሆነ ስጠይቃቸው ትከሻቸውን ነቀነቁ።

ያን ቃል ክፉኛ ነው የተረጎምኩት። ልጅቱ ራሷ አልፈለገችኝም፣ መሸሻ ሰበብ አገኘች አልኩ፤ ይህንኑ እያልኩም ጸጉሬ ሸበተ። አንቺ አገባሽ። ባለቤትሽ ደግ ሰው እንደነበሩ ሰፈሩ ሁሉ ይመሰክራል፤ ያረፉ ጊዜም ተክለ ሃይማኖት መጥቼ ከኋላ ቆሜ ቀብሬያቸዋለሁ። እኔም አግብቼ ነበር። ጥሩ ሴት ነበረች፤ አንድ ቀን ግን «ጠዋት የሚወጣው ሌላ፣ ሲመሽ የሚገባው ሌላ፤ እኔ ከስንት ወንድ ጋር ነው የምኖረው?» ብላ ጠየቀችኝ። ልጅም አልሰጠን፣ በሰላም ተለያየን።

እውነቷን ነበር፣ ብዙ ሰው ሆኛለሁ። መድረኩ አልፎ የቪዲዮ ፊልም ሲመጣ፣ ቪዲዮው አልፎ ትልቁ ስክሪን ሲመጣ፣ እሱም አልፎ ልጆቹ በስልካቸው ማየት ሲጀምሩ፣ እኔ ልብስ እየቀየርኩ ከሁሉም ጋር ተሻግሬያለሁ። ዳኛ፣ ኪስ አውላቂ፣ ቄስ፣ ሼህ፣ ጄኔራል፣ እብድ፣ ከውጭ አገር የመጣ ቱጃር፣ አስከሬን ሆኛለሁ። አንዴ አማት የምትሆነው ተዋናይት ሳትመጣ ቀርታ ሻሽ አስረውኝ ከሩቅ ተቀረጽኩ፣ ማንም ሳያውቅብኝ አለፈ። ጋዜጠኞች ይህን ሁሉ ሰው ከየት አመጣኸው ሲሉኝ ስለ ጥናትና ስለ ልምምድ አወራለሁ። ጉዳዩ ሌላ ነው። ሁሉንም የወሰድኩት ከዚሁ ከመርካቶ ነው። ሥራ ሲሰጠኝ ጽሑፉን ሳላነብ በፊት ወጥቼ እዞራለሁ። ዳኛው የተገኘው ከአንዲት ቅቤ ነጋዴ ነው፤ ዋጋ ስትጠየቅ ሰውየውን ዝም ብላ አይታ አይታ፣ ሰውየው ራሱ ማፈር ሲጀምር ነው የምትናገረው። ጄኔራሉን ጎማ ተራ ካለ ደላላ ወሰድኩ። ሼሁን የወሰድኩት ከኤሌክትሪክ ዕቃ ነጋዴው ከጋሽ ጃፋር አንገት አያያዝ ነው። ፊልሙን ሲያዩ «አንገቴን ነው የሰረቅኸኝ፣ ግን አሳምረህ ይዘኸዋል» ብለው ይቅር አሉኝ።

ሰውም በተራው እኔን ከሠራሁት ሰው መለየት አቃተው። ሐኪም የሆንኩ ጊዜ አንዲት እናት ራጃቸውን ይዘው ቤቴ ድረስ መጡ። እማማ እኔ ተዋናይ ነኝ፣ እባክዎ ሆስፒታል ይሂዱ ብላቸው «እዚያም የላኩኝ ወደ ሌላ ቦታ ነው፣ ዶክተር» ብለው አዘኑብኝ። የወንድሙን ቤት በሐሰት ሰነድ የሸጠውን ሰውዬ የሆንኩ ጊዜ ደግሞ ሽንኩርት የምትሸጥልኝ ሴት ሽንኩርቱን ከእጄ ቀማችኝ፣ አንድ የታክሲ ረዳትም ውረድልኝ ብሎ አውቶቡስ ተራ መንገድ ላይ ጣለኝ። ያኔ ያናድደኝ ነበር። አሁን ሳስበው ከዚህ የሚበልጥ ሽልማት አልተሰጠኝም።

ከዚያ ያ አስታራቂ ሽማግሌ የሆንኩበት ድራማ መጣና ነገሩ ሁሉ ተገለበጠ። ሰው እየመጣ በእውነት ሽማግሌ ሁንልኝ ይለኝ ጀመር። በተለይ ከየገጠሩ መጥተው እዚህ ዘመድ የሌላቸው ልጆች። ሴት ልጅ ወደው የሚልኩት አባት የላቸውም፣ አጎት የላቸውም፤ ቴሌቪዥን ላይ ያዩኝን እኔን ያውቁኛል። ሄድኩላቸው። ስንቱን ቤት ቆሜ ልጃችሁን ለልጃችን ብዬ አስፈቀድኩ። ገና ስገባ የሴቷ ቤተሰብ ይደሰታል፣ ፎቶ ያነሳኛል፣ እኔም የድራማውን ድምፅ አውጥቼ እናገራለሁ፣ እናቶች ያለቅሳሉ። አንድም ቤት እምቢ ተብዬ አላውቅም። አውቃለሁ፣ ትንሽ ኮርቻለሁ።

ማስረሻም በዚሁ መንገድ ነው የመጣው፤ ልዩነቱ እሱን አስቀድሜ ማወቄ ነው። ወላጆቹን በልጅነቱ አጥቶ ከወሎ መጥቶ ጋሽ ጃፋር የኤሌክትሪክ ዕቃ መደብር ውስጥ ተሸካሚ ነበረ። ሽቦ መቀጠል ተማረ፣ ለቀረጻ የሚከራይ መብራት ይዞ እየሄደ እዚያው ቀረ። አሁን የመብራት ባለሙያ ነው፣ ከእሱ ጋር ብዙ ሠርተናል። አንድ ቀን ምሳ ሰዓት ላይ አጠገቤ ቁጭ ብሎ ጋሼ ለእኔም ይሂዱልኝ አለኝ። ደስ ብሎኝ ቤቱ የት ነው አልኩት። ከተክለ ሃይማኖት ቤተ ክርስቲያን ጀርባ፣ የድሮው የሸማ ነጋዴ ቤት አለኝ። የልጅቷን እናት ስም ሲነግረኝ ያንቺ ሆነ፤ ምሳዬን ወደ ጎን ገፋሁት።

እምቢ ልለው ነበር። ልጅ ሆኜ እምቢ የተባልኩበት ደጅ ሄጄ ስለ ሌላ ሰው ልቁም? ደግሞም አባትሽ ዛሬም እዚያው ናቸው፤ ስሜን ሲሰሙ ያንን የጥንቱን ጉዳይ ቢያነሱና በእኔ ምክንያት ማስረሻ ቢከለከልስ? ልጁ ከእኔ ሌላ፣ ከጋሽ ጃፋርና ከቤት አከራዩ ከአቶ ቶላ ሌላ ሰው የለውም። ይህን ሳወጣና ሳወርድ እሱ መፍራቴን አይቶ ይመስለኛል፣ አያትየው አይቸግሩንም፣ ዓይናቸው ማየት ካቆመ ቆይቷል፣ ፊልም አያውቁም አለኝ። ይሄን ስሰማ ቀለለኝ። የማያዩኝ ሰው ፊት መቆም አይከብደኝም አልኩ።

እንግዲህ እሑድ ከጋሽ ጃፋርና ከአቶ ቶላ ጋር መጣን። ያን ቤት በሐሳቤ ስንት ጊዜ ገብቼበታለሁ፤ በእውነት ስገባ ግን የመጀመሪያዬ ነበር። በሐሳቤ ከሠራሁት ያንሳል፣ ብርሃኑ ግን ይበልጣል። ዘመዶችሽ በግድግዳው ዙሪያ ተደርድረዋል፣ አባትሽ ከመሃል ወንበራቸው ላይ ነጭ ኩታቸውን ደርበው ተቀምጠዋል። ቁጭ በሉ ሲባል የመጣንበትን ሳንናገር አንቀመጥም ብለን ቆምን። ጋሽ ጃፋር ቃሉን ለእኔ ሰጡኝ። እኔም ጉሮሮዬን ጠርጌ፣ ያን እናቶችን የሚያስለቅሰውን ድምፅ አወጣሁ።

ሁለት ዓረፍተ ነገር እንኳ አልጨረስኩም። አባትሽ እጃቸውን አንስተው «ቆይ፣ ይሄን ሰው አውቀዋለሁ፤ አስታራቂው ሽማግሌ ነው» አሉ። ዘመዶችሽ ሳቁ። እኔ ደነገጥኩ፣ ስደነግጥ ደግሞ ሳላስበው ድምፄን አወፈርኩት። «አሁን ዳኛው መጣ» አሉ። ዝቅ አድርጌ በትሕትና ልቀጥል ስል «ይሄስ ቄሱ ነው» አሉ። እንዴት እንደሆነ አላውቅም፣ ብቻ ላብ ሲያጠምቀኝ ምላሴ ወደ ቀጠለው ዞረ፣ እሳቸውም ፊታቸውን አጨፍግገው «ይሄኛውስ የወንድሙን ቤት የሸጠው ነው፣ እሱንም ይዛችሁብኝ መጣችሁ?» አሉ። ቤቱ በሳቅ ሞላ፣ አቶ ቶላ ሳይቀሩ ሳቁ። አባትሽ ግን አልሳቁም። ሳቁ እስኪያልቅ ጠብቀው፣ ቀስ ብለው «እንግዲህ ብዙ ሆናችሁ ነው የመጣችሁት። ለልጁ ዋስ የሚሆነኝ የትኛው ነው?» ብለው ጠየቁኝ።

ይህን ሁሉ ዘመን ስሠራ እንደዚያ ፈርቼ አላውቅም። ቃሌን የጻፈልኝ ሰው የለም። የማወጣው ድምፅ ሁሉ የሆነ የሠራሁት ሰው ድምፅ ነው፣ አባትሽም ሁሉንም ያውቃቸዋል። ሲኒማ ራስ አካባቢ ታክሲ ተራ ጋ ቆሞ መልሱን የሚጠብቀው ማስረሻ ፊቴ ድቅን አለብኝ። እኔም አንድ ጊዜ እንዲሁ ቆሜ ስለነበር እዚያ መቆም ምን እንደሆነ አውቃለሁ። ልጁ በእኔ መኩራራት ሊከለከል ነው ብዬ አፈርኩ።

ከዚያ ያወራሁትን ሰምተሻል። የማውቀውን አንድ ነገር ብቻ ነገርኳቸው። እኔ ሸምግያለሁ፣ ቀረጻ ላይ ቶሎ ይደክመኛል፤ ዳይሬክተሮቹ ልጆች ናቸው፣ አሁንም አንዴ ጋሼ፣ አሁንም አንዴ እያሉ ያስደግሙኛል። ደከመኝ ማለት አልወድም። ማስረሻ ቀኑን ሙሉ የሚያየው ፊት ላይ የሚወርደውን ብርሃን ነውና ድካሜን ከእኔ ቀድሞ ያያል። ያኔ መብራቱ ተበላሽቷል ብሎ ያጠፋዋል። ሰው ሁሉ ይቆማል፣ እኔ እቀመጣለሁ፣ ውኃ እጠጣለሁ። ዳይሬክተሩ በሰው ፊት ይሰድበዋል፣ እሱ አንገቱን ደፍቶ ሽቦ ይነካካል። መብራቱ ምንም አልሆነም። ይህን ሲያደርግ ብዙ ጊዜ አይቻለሁ፣ አንድም ቀን አልነገረኝም፣ እኔም ማወቄን አልነገርኩትም።

አባትሽ «ይዋሻል ማለት ነዋ» አሉ። አዎ ይዋሻል አልኩ። ጋሽ ጃፋር ከኋላ ጋቢዬን ጎተቱኝ። ለራሱ ብሎ ሲዋሽ ግን አይቼው አላውቅም አልኩ። ከዚያ አባትሽ ወደ ዘመዶችሽ ዞረው «ይሄን ድምፅ አላውቀውም። አስቀምጡት» አሉ።

ስቀመጥ ወንበሩን ያመጣልኝን ሰው እንኳ አላየሁትም። ዓይኔ እንባ ሞልቶ ነበር። ከዚያ በኋላ ያለው የአንቺ ነው፤ እልልታው፣ ምግቡ፣ ምርቃቱ። ለጋሽ ጃፋር ብለሽ በሌላ ድስት ሥጋ የሌለበት ወጥ መሥራትሽን በጣም ነው ያደነቁት፤ ለሚያውቁት ሁሉ አውርተዋል፣ አሁን ሰፈሩ በሙሉ የወጡን ቅመም ሳይቀር ያውቃል።

አሁን ያልሰማሽውን ልንገርሽ። ከተበላ በኋላ አባትሽ ወደ ፀሐይ አውጣኝ ብለው ክንዴን ያዙ። ግቢው ውስጥ ጥጉ ጋ ተቀመጥን። «ዱባለ የመጣልህ ልጅ አንተ ነህ አይደል?» አሉኝ። አዎ፣ እኔ ነኝ አልኳቸው። ገና ስንገባ ማወቃቸውን የተረዳሁት ያኔ ነው። «ሱቁን አሻፈረኝ ያለችው እሷ ናት፣ እኔ ወስኜልህ ነበር» አሉ። ለምን ብለው ሲጠይቁሽ አልቅሰሽ፣ ጨርቅ ሲለካ ባየሁት ቁጥር እኔ ነኝ የገደልኩት እላለሁ ብለሻቸዋል። ያን ቃልሽን ለዚህ ሁሉ ዓመት እንዴት እንደተሸከምኩት ታውቂያለሽ፤ አሁን ነገርኩሽ። ትርጉሙ ግቢሽ ውስጥ ቁጭ ብሎ ይጠብቀኝ ኖሯል።

ሊነሱ ነው ብዬ ስጠብቅ ሌላም ጨመሩልኝ። ዓይናቸው ከጠፋ ጀምሮ ፊልም የምታዪላቸው አንቺ ነሽ አሉኝ። አጠገባቸው ተቀምጠሽ የሚሆነውን ትነግሪያቸዋለሽ። «ሌሎቹን ስትነግረኝ ምን እንደለበሱ፣ ማን ማንን እንደመታ ነው። አንተ ስትመጣ ግን ዝም ትላለች። ምን ሆነ ስላት፣ ይሄ ሳቅ የሱ አይደለም ትለኛለች። ወይም ደግሞ፣ አሁን ከልቡ አዘነ ትላለች። ያኔ ለዱባለ ያልኩት እንዲህ ነበር፦ ሰው ፊት እየሳቀና እያለቀሰ የሚውል ሰው ቤቱ ሲገባ የራሱ የትኛው እንደሆነ በምን ይታወቃል? ለካ የሚያውቅ ሰው እዚሁ ቤቴ ውስጥ ነበረ» አሉ። ከዚያ አስነሳኝ፣ ፀሐይዋ ሄደች አሉኝ።

ወዳጄ፣ እኔ በመድረክ አበባ ተሰጥቶኛል፣ ሰርተፍኬት ተሰቅሎልኛል፣ አዳራሽ ሙሉ ሰው ቆሞ አጨብጭቦልኛል። የፀሐይዋ ጥግ ጋ የሰማሁትን የሚያህል ግን የለም። ለማላየው ሰው ስሠራ የኖርኩ መስሎኝ ነበር። ከተመልካቹ መሃል አንዲት ሴት ለአባቷ እየነገረች፣ የእኔን ሳቅ ከሌላው ሰው ሳቅ እየለየች ተቀምጣ ኖራለች። አመሰግንሻለሁ። ሱቁን ስለከለከልሽኝ አመሰግንሻለሁ፤ ያ ሁሉ ዳኛና ሌባ፣ ያ ሁሉ እብድና ጄኔራል፣ አንቺ ባትኖሪ ሸማ ተራ ውስጥ ጣቃ እያጣጠፈ ይቀር ነበር። አባትሽንም አመሰግናቸዋለሁ፤ እንደዚያ ባያፋጥጡኝ የራሴ ድምፅ እንዳለኝ ሳላውቅ እሞት ነበር። ከልቤ ነው የምልሽ፤ መለየት ስለምትችዪ አላስረዳሽም።

ሠርጉ እንደተባባልነው በጥር ነው። ቀረጻ ቢኖረኝም ትቼ እመጣለሁ፤ ድንኳን ውስጥ ከወዲያ ወዲህ የሚያስብል ሥራ ስጡኝ እንጂ ንግግር አታስደርጉኝ። ጥር አልፎ ዐቢይ ጾም ይገባል፣ ጾሙ ተፈቶ ዳግማይ ትንሣኤ ይውላል። ከዚያ በኋላ ባለው እሑድ ጋሽ ጃፋርና አቶ ቶላ አባትሽ ዘንድ ተመልሰው ይመጣሉ። ማስረሻም ሦስተኛ ልሁን ብሎ ነበር፣ አማች በአማቱ ቤት ሽማግሌ ሆኖ አይቆምም ብለው ጋሽ ጃፋር ተቆጡት። ሦስተኛውን እየፈለጉ ናቸው። እኔ አብሬያቸው አልመጣም፤ ወጉ አይፈቅድልኝምና እንደ ድሮው ሲኒማ ራስ በር ላይ ቆሜ መልስሽን እጠብቃለሁ።

ድሮ ነገሩ አንቺ ዘንድ የደረሰው ከሁሉ በኋላ ነበር፤ አሁን ከሁሉ በፊት ይድረስሽ ብዬ ነው የጻፍኩት። ካልመሰለሽ ለአባትሽ ሹክ በያቸው፣ እንደ ደንቡ ሌላ ጊዜ ኑ ይሏቸዋል፣ እነሱም ይገባቸዋል። ቅር አይለኝም ብዬ ግን አልዋሽሽም።

እግዚአብሔር የአባትሽን ዕድሜ ያርዝምልን። ልጆቹን ወልደው ለመሳም ያብቃን። ጉልበትሽንም ይማርልሽ፣ ደረጃውን ቀስ ብለሽ ውጪ።

እስከ ዳግማይ ትንሣኤ፣
የልጅሽ ሽማግሌ